መንገዳገድና የሚዛን ምርመራ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ደሴ ከጦሳ ግርጌ የተቀመጠች ከተማ ስለሆነች ሰው ወይ ሽቅብ ወይ ቁልቁል ነው የሚሄደው። በደጋው ወሎም ከቤት እስከ ምንጭ፣ ከምንጭ እስከ ገበያ ያለው መንገድ ድንጋይና አቀበት ነው። እንዲህ ባለ አገር ሚዛኑ የከዳው ሰው ቶሎ ይታወቅበታል፤ ወደ ሕክምና የሚመጣው ግን ብዙ ጊዜ ዳሌው ወይም የእጅ አንጓው ከተሰበረ በኋላ ነው። በፊዚዮቴራፒ ክፍል የምንቀበላቸው ታካሚዎችና አስታማሚዎች ደጋግመው የሚያነሷቸውን ጥያቄዎች እዚህ ሰብስቤያለሁ። ይህ ጽሑፍ ሐኪም አይተካም። ምርመራ ክፍል ሲገቡ ግን ምን እንደሚደረግልዎትና ለምን እንደሚደረግ አስቀድመው ያውቃሉ።

የሚዛን ምርመራ ሲባል ምኑ ነው የሚመረመረው?

ሰው ቆሞ እንዲሄድ ሦስት ዓይነት መረጃ ያለማቋረጥ ወደ አንጎል መድረስ አለበት። ዓይን ዙሪያውን ያያል። የውስጥ ጆሮ ራስ ወዴት እንዳዘነበለና እንደዞረ ይናገራል። ውስጥ እግር፣ ቁርጭምጭሚትና ጉልበት ደግሞ መሬቱ ምን እንደሚመስልና እግር የት እንዳረፈ በነርቮችና በሕብለ ሰረሰር በኩል ወደ ላይ ይልካሉ። አንጎል፣ በተለይ ከማጅራት በላይ ያለው ትንሹ አንጎል፣ ሦስቱን አገናዝቦ ጡንቻዎችን ያዝዛል። ጡንቻና መገጣጠሚያም ትእዛዙን የሚፈጽሙበት አቅም ያስፈልጋቸዋል።

ከነዚህ አንዱ ሲደክም ሰው ይንገዳገዳል። ከውጭ ለሚያይ ሁሉም አንድ ይመስላል፤ ሕክምናው ግን እንደ ምክንያቱ ፈጽሞ ይለያያል። የጆሮው ችግር በጥቂት ደቂቃ የራስ እንቅስቃሴ ሊስተካከል ይችላል፤ የቫይታሚን እጥረት መድኃኒት ይፈልጋል፤ የጡንቻ ድካም ደግሞ የወራት ልምምድ ይጠይቃል። ቁሙ፣ ተራመዱ፣ ዓይንዎን ይጨፍኑ እያልን የምናስቸግርዎ የደከመው የትኛው እንደሆነ ለመለየት ነው።

እናታችን አርጅተዋል፤ መውደቃቸው የዕድሜ ነገር አይደለም?

ይህን ጥያቄ ስሰማ ሁልጊዜ ያሳስበኛል፤ ብዙ ሰው ሊታከም ሲችል ቤት የሚቀረው በዚህ አስተሳሰብ ነውና። ዕድሜ ጡንቻን ያደክማል፣ ዓይንን ያደበዝዛል፣ እውነት ነው። ነገር ግን ዕድሜ ብቻውን ሰውን ደጋግሞ አይጥልም። ከበስተጀርባው ብዙውን ጊዜ የደም ግፊት መውረድ፣ የስኳር ሕመም፣ የዓይን ሞራ፣ የመድኃኒት ብዛት ወይም የነርቭ ሕመም አለ።

የዓለም ጤና ድርጅት በመላው ዓለም በየዓመቱ 684,000 ያህል ሰዎች በመውደቅ ምክንያት እንደሚሞቱ ይገምታል። ከነዚህ ውስጥ ከ80 በመቶ በላይ የሚሆኑት እንደኛ ባሉ ዝቅተኛና መካከለኛ ገቢ ባላቸው አገሮች የሚኖሩ ናቸው። ስለዚህ ባለፈው አንድ ዓመት ውስጥ ሁለት ጊዜ የወደቀ፣ አንዴም ወድቆ የተጎዳ፣ ወይም መውደቅ ፈርቶ ከቤት መውጣት የተወ ሰው ቢመረመር ተገቢ ነው። የመጨረሻውን አይናቁት። እድር መሄድ፣ ገበያ መውጣት፣ ጎረቤት ቡና መጠጣት ያቆሙ እናት ባይወድቁም ችግር ላይ ናቸው፤ ቤት በተቀመጡ ቁጥርም እግራቸው ይበልጥ ይደክማል።

ማዞርና መንገዳገድ አንድ ናቸው?

አይደሉም፤ ምርመራውን ከሁሉ በላይ የሚያሳጥረውም ይህን ለይቶ መናገር ነው። «ያዞረኛል» የሚል ሰው ከአራት ነገሮች አንዱን ሊል ይችላል። ቤቱ፣ ጣሪያው የሚሽከረከርበት አለ። ሲነሳ ዓይኑ ጭልም ብሎ ራሱን ሊስት የሚደርስ አለ። ራሱ ሰላም ሆኖ እግሩ ብቻ አልታዘዝ የሚለው አለ። ከጭንቀት ወይም ከድካም የተነሳ ራሱን ቅል ቅል የሚለውም አለ። የመጀመሪያው ብዙ ጊዜ ወደ ውስጥ ጆሮ፣ ሁለተኛው ወደ ደም ግፊትና ልብ፣ ሦስተኛው ወደ ነርቭ፣ አንጎልና ጡንቻ ይመራናል። ሐኪሙ «እንዴት ነው የሚያዞርዎት?» ብሎ ደጋግሞ ቢጠይቅ አይሰልቹ። በራስዎ ቋንቋ፣ መቼ እንደሚጀምር፣ ምን ሲያደርጉ እንደሚነሳና ስንት ሰዓት ወይም ስንት ደቂቃ እንደሚቆይ ይንገሩት።

ቀጠሮ ሳይጠብቁ ወዲያውኑ መሄድ የሚያስፈልገው መቼ ነው?

መንገዳገዱ ወይም ማዞሩ በድንገት ሲጀምር፣ ከዚህም ጋር ፊት ሲጣመም፣ አንድ ወገን ሲዝል ወይም ሲደነዝዝ፣ ንግግር ሲተሳሰር፣ አንዱ ነገር ሁለት ሆኖ ሲታይ፣ ከባድ ራስ ምታት ሲመጣ፣ ወይም ሰውየው ያለ ድጋፍ መቀመጥ እንኳ ሲያቅተው ነው። ይህ ስትሮክ ሊሆን ስለሚችል እያንዳንዱ ሰዓት ዋጋ አለው። ጠበል ወይም ዱዓ ለሚፈልግ ቤተሰብ እምነቱን ተው የሚል የለም፤ በመጀመሪያ ግን ድንገተኛ ክፍል ይድረስ። ጭንቅላቱን መትቶ የወደቀ፣ በተለይም ደም የሚያቀጥን መድኃኒት የሚወስድ ሰውም እንዲሁ ነው።

ዓይን ጨፍነው እንዲቆሙ የሚደረገው ለምንድን ነው?

ይህ የሮምበርግ ፈተና ይባላል። ሞሪትዝ ሮምበርግ የተባለ ጀርመናዊ ሐኪም በ19ኛው ክፍለ ዘመን ያስተዋወቀው ሲሆን፣ መነሻው ቂጥኝ ሕብለ ሰረሰራቸውን የጎዳባቸው ሕሙማን በጨለማ መቆም እንደሚያቅታቸው መታየቱ ነበር። ምንም መሣሪያ አይፈልግም። ታካሚው ጫማውን አውልቆ እግሮቹን ገጥሞ ይቆማል፤ በመጀመሪያ ዓይኑን ገልጦ፣ ቀጥሎ ጨፍኖ፣ ብዙውን ጊዜ እስከ 30 ሰከንድ። መርማሪው ሊይዘው ተዘጋጅቶ አጠገቡ ይቆማል።

ትርጉሙ ላይ ብዙ ስህተት ስለማይ በዝርዝር ልግለጸው። ዓይኑን ገልጦ ደህና የቆመ ሰው ሲጨፍን ሊወድቅ ከደረሰ፣ እስከዚያ ድረስ ያቆመው ዓይኑ ነበር ማለት ነው፤ የእግሩ ስሜት ወይም የውስጥ ጆሮው ደክሟል። ገና ዓይኑን ገልጦ እግሮቹን መግጠም ያቃተው ሰው ግን የተለየ ነው። እሱ ላይ ትንሹን አንጎል ወይም የጡንቻን ድካም እናስባለን፤ ፈተናውም ስለ እግሩ ስሜት የሚነግረን ነገር የለም። ትንሽ መወዛወዝ ደግሞ በሁሉም ሰው ላይ ያለ ነው፤ የምንፈልገው እግሩን ማንቀሳቀሱን ወይም መውደቁን ነው።

የእግር ስሜት ያጣ ሰው ይህን ፈተና ሳያውቀው በየቀኑ ቤቱ ይፈተናል። አንድ ሰው ለፈጅር ሶላት ዉዱእ ሲያደርግ ጎንበስ ብሎ በሁለት እጁ ውኃ ፊቱ ላይ ያደርጋል፤ ዓይኑ ይከደናል፤ በዚያች ቅጽበት ወደፊት ይደፋል ወይም ግድግዳ ፍለጋ እጁን ይሰዳል። ጠዋት ጀበና አጠገብ ሲቀመጥ ግን ምንም አይሰማውም። ሌሊት መብራት በሌለበት ወደ ውጭ ሲወጣም እንደዚሁ ነው። ታካሚ እንዲህ ብሎ ሲነግረኝ ምርመራው ገና ሳይጀመር ግማሹን አውቄዋለሁ። እንዲህ ያለ ነገር ካለብዎ አይተዉት፤ ይናገሩ።

ቀለል ያለ ለሚሆንባቸው ሰዎች ፈተናው ይጠነክራል። አንዱን እግር ከሌላው ፊት፣ ተረከዝ ከጣት ገጥሞ መቆም አለ። በወፍራም ስፖንጅ ላይ ቆሞ ዓይን መጨፈንም አለ፤ ስፖንጁ የእግርን መረጃ ያዛባዋል፣ መጨፈኑ ዓይንን ይዘጋል፣ የሚቀረው የውስጥ ጆሮ ብቻ ነው። እዚያ ላይ ብቻ የሚወድቅ ሰው ጆሮው መመርመር አለበት። ጀንታማይሲን ወይም ስትሬፕቶማይሲን መርፌ ለረጅም ጊዜ የወሰዱ አንዳንድ ሰዎች ላይ እንዲህ ያለ ጉዳት ይገጥማል፤ መድኃኒቶቹ የውስጥ ጆሮን ሊጎዱ ይችላሉና።

ከወንበር ተነስቶ መሄድ ምን ምርመራ ይባላል?

ቀላል ስለሚመስል ብዙዎች ይንቁታል፤ እኔ ግን አንድ ፈተና ብቻ ምረጥ ብባል የምመርጠው እሱን ነው። እ.ኤ.አ. በ1991 ዛሬ በምንጠቀምበት መልክ ታትሟል። ታካሚው ክንድ ማሳረፊያ ባለው ወንበር ላይ ተደግፎ ይቀመጣል። «ይሂዱ» ሲባል ይነሳል፣ 3 ሜትር በተለመደ እርምጃው ይራመዳል፣ ይዞራል፣ ተመልሶ ይቀመጣል። ሰዓቱ ከትእዛዙ እስከ መቀመጡ ይያዛል። ከዘራ የሚይዝ ሰው ከዘራውን ይዞ፣ የለመደውን ጫማ አድርጎ ነው የሚፈተነው። አንዴ ለልምምድ ይሞክራል፤ ያ አይቆጠርም።

12 ሰከንድና ከዚያ በላይ የፈጀበት አረጋዊ የመውደቅ ስጋት አለበት ብሎ የአሜሪካ የበሽታ መቆጣጠሪያ ማዕከል ያስቀምጣል። ከ30 ሰከንድ በላይ የሚፈጅበት ሰው ብዙውን ጊዜ ለዕለት ኑሮው የሰው እርዳታ ያስፈልገዋል። እኔ ግን ከቁጥሩ ይልቅ አካሄዱን ነው የማየው። በእጁ ሳይገፋ ይነሳል? ከተነሳ በኋላ ለመጀመር ይቸገራል? ሲዞር በሁለት እርምጃ ይዞራል ወይስ በስምንት ትናንሽ እርምጃ? ሊቀመጥ ሲል ወንበሩ ገና ሳይደርስ ይወድቅበታል? በእነዚህ ውስጥ ፓርኪንሰንም (እንቅስቃሴን የሚያዘገይና ሰውነትን የሚያንቀጠቅጥ የአንጎል ሕመም)፣ የጉልበት ሕመምም፣ የዓይን ችግርም ይታያል።

ስለ ወንበሩ አንድ ነገር ልጨምር። ፈተናው የተሠራው 46 ሴንቲ ሜትር ገደማ ከፍታ ላለው ወንበር ነው። በርጩማ ላይ የተፈተነ ሰው ሰዓቱ ይረዝማል፤ ያ የሚዛን ችግር አያሳይም። ስለዚህ ወንበሩ ሁልጊዜ አንድ ዓይነት መሆን አለበት፤ ከሦስት ወር በኋላ ሲመለሱም በዚያው ወንበር ነው የሚፈተኑት። ሽርጥ ወይም ረጅም ቀሚስ የለበሱ ታካሚዎች ጫፉን ሰብሰብ ያድርጉት፤ ጋቢውንም ለአስታማሚ ይስጡት። ልብስ ረግጦ መደናቀፍ ውጤቱን ያበላሻል።

ነጥብ የሚሰጥባቸው ረጅሞቹ ምርመራዎችስ?

በብዛት የሚታወቀው የበርግ መለኪያ ነው፤ በካናዳ እ.ኤ.አ. በ1989 የወጣ ነው። 14 ሥራዎች አሉት፤ እያንዳንዱ ከ0 እስከ 4 ይሰጠዋል፤ ድምሩ 56 ነው። ሳይደገፉ መቀመጥ፣ መነሳት፣ ዓይን ጨፍኖ መቆም፣ ወደፊት እጅ ዘርግቶ መድረስ፣ መሬት የወደቀ ጫማ ማንሳት፣ ወደኋላ ዞሮ ማየት፣ ሙሉ ክብ መዞር፣ ደረጃ ላይ እግርን እያፈራረቁ ማሳረፍ፣ በአንድ እግር መቆም ይገኙበታል። 20 ደቂቃ ያህል ይወስዳል። ከ45 በታች ያለ ነጥብ ጥንቃቄ እንደሚያስፈልግ ያመለክታል፤ ሆኖም 46 ያመጣ ሰው አይወድቅም ማለት አይደለም። ጥቅሙ ይበልጥ የሚታየው ለውጥን ለመከታተል ነው። ስትሮክ የመታው ሰው ሲመጣ 22፣ ከሁለት ወር ልምምድ በኋላ 37 ቢያመጣ፣ ቤተሰቡ በዓይኑ ያየውን መሻሻል ቁጥሩም ይመሰክራል።

የቲኔቲ መለኪያ 28 ነጥብ አለው፤ መቆምንና አረማመድን ለየብቻ ይመዝናል። ቆሞ እጅን ወደፊት ዘርግቶ የመድረስ ፈተና ብቻውንም ይሠራል፤ ከ15 ሴንቲ ሜትር በታች የደረሰ ሰው ስጋቱ ከፍ ያለ ነው። ለዚህ ግድግዳ ላይ የተለጠፈ ሜትር በቂ ነው።

ሐኪሙ አባታችንን ከኋላ ሆኖ በድንገት ጎተታቸው። ይህ ልክ ነው?

ልክ ነው፤ ሳይነገራችሁ ከተደረገ ግን መደንገጣችሁ አይፈረድም። ፓርኪንሰን ያለበት ሰው ሲገፋ ወይም ሲደናቀፍ ራሱን የሚያድንበት ፈጣን ምላሽ እየጠፋ ይሄዳል። ቆሞ ሲያዩት ደህና ይመስላል፤ ሰው ሲነካው ግን እንደ ግንድ ይወድቃል። ይህን ለማወቅ ዝም ብሎ ማቆም አይበቃም፤ ሚዛኑን በጥንቃቄ ማናጋት ያስፈልጋል።

አሠራሩ እንዲህ ነው። መርማሪው ከታካሚው ኋላ ይቆማል፤ የራሱም ጀርባ ወደ ግድግዳ ቢቀርብ ይመረጣል፤ ሁለቱም እንዳይወድቁ ነው። ታካሚው እግሮቹን ትንሽ ከፍቶ፣ ዓይኑን ገልጦ ይቆማል። ምን እንደሚደረግ፣ እንዳይወድቅ ወደኋላ መራመድ እንደሚችልም ይነገረዋል። በመጀመሪያ ለልምምድ ቀስ ብሎ፣ ከዚያ ትከሻዎቹን ይዞ ፈጠንና ጠንከር ባለ ሁኔታ ወደኋላ ይጎትተዋል። በአንድ ወይም በሁለት እርምጃ ራሱን ካስተካከለ ጤነኛ ነው። ከሦስት እስከ አምስት እርምጃ ከፈጀ 1፣ ከአምስት በላይ ፈጅቶ ያለ እርዳታ ከቆመ 2፣ ሳይዙት የሚወድቅ ከሆነ 3፣ ሳይነካም ወይም በቀስታ ሲነካ ብቻ የሚወድቅ ከሆነ 4 ይሰጠዋል። ለስላሳ ጉተታ ጥሩ ውጤት ያመጣል፤ ታካሚውን ግን ይጎዳዋል፤ በውሸት ደህና ነው ይባላልና። ቤት ውስጥ ይህን በፍጹም አትሞክሩት።

ይህ ምላሽ መጥፋቱ በፓርኪንሰን ሂደት ትልቅ ምዕራፍ ነው። ሆን እና ያር የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1967 ባወጡት የበሽታው ደረጃ አመዳደብ ሦስተኛው ደረጃ የሚጀምረው በዚሁ ነው። ሌላም ልብ የሚባል አለ፦ በሽታው በጀመረ በመጀመሪያው ዓመት ደጋግሞ መውደቅ ከመጣ፣ ሐኪሙ ፓርኪንሰንን የሚመስሉ ሌሎች ሕመሞችን ይፈትሻል። ስለዚህ የመጀመሪያው መውደቅ መቼ እንደነበር አስታውሳችሁ ብትመጡ ብዙ ይረዳል።

አልጋ ላይ ስገላበጥ ቤቱ ይዞርብኛል። ለዚህስ ምርመራ አለ?

አለ፤ እዚያው የሚታከምም ነው። የውስጥ ጆሮ ውስጥ ያሉ ጥቃቅን የካልሲየም ቅንጣቶች ከቦታቸው ለቀው ወደ ግማሽ ክብ ቱቦዎች ሲገቡ፣ ራስ በተንቀሳቀሰ ቁጥር ለሰከንዶች ኃይለኛ ሽክርክሪት ይነሳል። አልጋ ላይ ሲገላበጡ፣ ቀና ብለው ቆጥ ላይ ያለ ነገር ሲያወርዱ፣ ለሱጁድ ሲወርዱ ወይም ስግደት ላይ ሲደፉ ይመጣል።

ምርመራው በሁለት ሐኪሞች ስም ዲክስ-ሆልፓይክ ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ1952 የታወቀ ነው። ታካሚው አልጋ ላይ ተቀምጦ ራሱን 45 ዲግሪ ወደ አንድ ወገን ያዞራል፤ ከዚያ መርማሪው ራሱን ይዞ በፍጥነት ያጋድመዋል፣ ራሱም ከአልጋው ጫፍ ትንሽ ዝቅ ይላል። ዓይኑን ገልጦ ይቆያል። ከጥቂት ሰከንድ በኋላ የዓይን ኳሱ ሲርገበገብና ሲሽከረከር ከታየ፣ ይህም ከአንድ ደቂቃ ባነሰ ጊዜ ከቆመ፣ ምክንያቱ ታወቀ። በዚያው ቀን ኤፕሊ በሚባለው የራስ ማዞር ሥርዓት ቅንጣቶቹ ወደ ቦታቸው ይመለሳሉ። የአንገት አጥንት ሕመም ያለባችሁ አስቀድማችሁ ተናገሩ። ለዓመታት «ደም ማነስ ነው» ተብሎ ኪኒን ሲውጥ የኖረ ሰው በአሥር ደቂቃ ተሽሎት ሲሄድ ማየት በሥራችን ከሚያስደስቱኝ ነገሮች ዋነኛው ነው።

ደም ግፊቴን ተኝቼም ቆሜም የሚለኩት ለምንድን ነው?

ስንነሳ ደም ወደ እግር ይወርዳል፤ ጤነኛ ሰውነት ወዲያው ያስተካክለዋል። ለአምስት ደቂቃ ያህል ከተጋደሙ በኋላ፣ ከዚያም በቆሙ በ1 እና በ3 ደቂቃ ይለካል። የላይኛው ቁጥር በ20 ወይም የታችኛው በ10 ከወረደ ችግር አለ። የግፊት መድኃኒት፣ ሽንት የሚያበዛ ኪኒን፣ የስኳር ሕመም፣ ተቅማጥና ውኃ ማነስ ያመጡታል። በባቲና በሐርቡ ሙቀት፣ በጾምም ወራት ይብሳል። መድኃኒቱን በራስዎ አያቁሙት፤ ሰዓቱንና መጠኑን ሐኪሙ ያስተካክል።

ጓያ የሚበሉ ሰዎች እግር መያዝ ከዚህ ጋር ይገናኛል?

ይገናኛል፤ ወሎ ውስጥ ሳይነሳ መቅረት የሌለበት ጉዳይ ነው። ጓያ ድርቅን ስለሚችል ሌላ እህል ሲጠፋ ዋና ምግብ ይሆናል። ለወራት ብዙ ሲበላ ኦዳፕ የተባለው መርዝ እግርን የሚያዝዙ የነርቭ መስመሮችን ይጎዳል። እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ድርቅን ተከትሎ በደላንታና በዳውንት ወረርሽኝ ሆኖ ብዙ ሰው፣ በተለይም ወጣት ወንዶችን፣ እንደጎዳ በዓለም አቀፍ የሕክምና መጽሔት ታትሟል።

እዚህ ላይ ሮምበርግ ብቻውን ያሳስታል። የጓያ ሕመምተኛ የእግር ስሜቱ በአብዛኛው ደህና ነው፤ ችግሩ እግሮቹ መገተራቸው ነው። በጣቱ ይረግጣል፣ ጉልበቱ ይታጠፋል፣ ሲራመድ እግሮቹ እንደ መቀስ ይጣረሳሉ። የሚመዘነውም በሚያስፈልገው ድጋፍ ነው፦ ያለ ዱላ፣ በአንድ ዱላ፣ በሁለት ዱላ፣ በመጨረሻም በእጅና በጉልበት የሚድህ። የሞተውን ነርቭ የሚመልስ መድኃኒት የለም፤ የቁርጭምጭሚትን ጅማት በየቀኑ ማሳሳብ ግን ተረከዙ መሬት እንዲነካ ይረዳል። ጓያን ቆልቶ፣ ቀቅሎ ወይም በእሸቱ መብላት አደገኛ እንደሆነ፣ ከሌላ እህል ጋር ቀላቅሎ ማቡካት ደግሞ ስጋቱን እንደሚቀንስ ጥናቶች አሳይተዋል።

ስኳር አለብኝ፤ እግሬን በቀጭን ክር የሚነኩኝስ?

የእግር ስሜት ምርመራ ነው። በ10 ግራም ኃይል የሚታጠፍ ናይለን ክር ውስጥ እግርን ይነካል፤ ዓይን ጨፍነው ሲሰማዎ ይናገራሉ። ሲመቱት የሚንቀጠቀጥ ባለ ሁለት ጣት ብረትም አውራ ጣት ላይ ይደረጋል። ከስኳር ሌላ የሥጋ ደዌ፣ የአልኮል ብዛት እና የቫይታሚን ቢ12 እጥረት ተመሳሳይ ጉዳት ያደርሳሉ። ሜትፎርሚን የተባለውን የስኳር ኪኒን ለዓመታት የወሰደ፣ ወይም ሥጋ፣ እንቁላልና ወተት ፈጽሞ የማይቀምስ ሰው ቢ12 ቢለካ ጥሩ ነው።

ቤት ውስጥ ራሳችን መሞከር የምንችለው አለ?

አንድ አለ። ሰው አጠገብ ቆሞ፣ በግድግዳ ጥግ፣ ዓይን ተገልጦ፦ በመጀመሪያ እግር ገጥሞ፣ ከዚያ አንዱን እግር ግማሽ ወደፊት አስቀድሞ፣ ከዚያ ተረከዝ ከጣት ገጥሞ፣ በመጨረሻ በአንድ እግር። እያንዳንዱን 10 ሰከንድ። ተረከዝ ከጣት ገጥሞ 10 ሰከንድ መቆም ያልቻለ አረጋዊ ወደ ጤና ጣቢያ ይሂድ። ከዚያ በላይ ያለውን ለባለሙያ ተዉት።

ወደ ምርመራ ስንመጣ ምን እንያዝ?

የሚወስዱትን መድኃኒት ሁሉ በፌስታል ይዛችሁ ኑ፤ የእንቅልፍና የሚጥል በሽታ ኪኒኖች ሚዛን ያዛባሉ፤ የባህል መድኃኒትም ካለ አትደብቁ። የለመዱትን ጫማ አድርጉ፤ አዲስ ጫማ ተበድራችሁ አትምጡ። መነጽርና ከዘራ አይረሳ። ሲወድቁ ያየ ሰው አብሮ ይምጣ፤ የወደቀው ሰው ብዙ ጊዜ እንዴት እንደወደቀ አያውቅም። መነሻችሁ በአቅራቢያ ያለው ጤና ጣቢያ ይሁን፤ ወደ ደሴ ወይም ወልድያ ሆስፒታል ሪፈር ከተጻፈላችሁ ወረቀቱን ያዙ።

ነጥቡ ዝቅተኛ ሆነ። አሁን ምን ይደረጋል?

ምክንያቱ ይታከማል፣ ሚዛን ደግሞ ይሠለጥናል። ከወንበር እጅ ሳይጠቀሙ መነሳትና መቀመጥ፣ ቁም ሳጥን ይዞ ተረከዝ ማንሳት፣ ተረከዝ ከጣት እየገጠሙ መራመድ በሳምንት ቢያንስ ሦስት ቀን ለወራት ቢሠራ መውደቅን ይቀንሳል። ልምምዱ ትንሽ ሊያስቸግር ይገባል፤ ምቾት ያለው ልምምድ ሚዛን አያሻሽልም።

ቤት ውስጥ ወደ መጸዳጃ የሚወስደው መንገድ ሌሊት መብራት ይኑረው። እርጥብ ሲሚንቶ ላይ ላስቲክ ጫማ ያንሸራትታል። ዉዱእ ተቀምጦ ይደረግ፤ መቆም ለማይችል ሰው ተቀምጦ መስገድ የተፈቀደ ነው። በቤተ ክርስቲያንም ቅዳሴው ሲረዝም መቋሚያ መደገፍና መቀመጥ ነውር የለውም።

ከዘራ መያዝ ይበልጥ አያደክምም?

አያደክምም፤ በትክክል ከተያዘ። ቀጥ ብለው ቆመው እጅዎን ሲያወርዱ የከዘራው እጀታ የእጅ አንጓዎ ላይ መድረስ አለበት። ለእረኝነትና ለመንገድ የምንይዘው ረጅም ዱላ ለዚህ አይሆንም፤ ትከሻን ወደ ላይ ይገፋል። ጫፉ ላይ ጎማ ይግባበት። የሚያዘው ከደከመው እግር ተቃራኒ ባለው እጅ ሲሆን፣ ከደከመው እግር ጋር አብሮ ይወጣል። አቀበትና ደረጃ ሲወጡ ደህናው እግር ይቀድማል፤ ሲወርዱ ከዘራውና የደከመው እግር ይቀድማሉ።